ከግራዝማች ጋር የተቋጠረችው ዲንቄ

እኛን የየካ ሚካኤል ሰዎችን የዘረፉን በጠራራ ፀሐይ ነው። ሰው ከብቱን ይዘረፋል፣ መሬቱን ይዘረፋል፤ እኛ ግን አሥራ አንድ ሰዓትን ተዘረፍን። አሥር ሰዓት ሞልቶ ገና ብርሃን አለ ብለን ስንዘናጋ፣ ኩራዝ እፍ ተብሎ እንደሚጠፋ ቀኑ እልም ይላል። ዶሮዎቻችን እንኳ ወደ ቆጣቸው መውጫ ጊዜ አጥተው አጥር ሥር እየተደናበሩ የሸለምጥማጥ ራት ሆኑ።

ያን ጊዜ ዝም ብላ መቀመጥ ያልቻለች ሴት ብትኖር ጎረቤቴ እትዬ ዲንቄ ናት።

እትዬ ዲንቄ የካራ ገበሬ ልጅ ናት። ባሏ ሰቦቃ ያርሰው የነበረው መሬት ተለክቶ ለሌላ ሰው ሲሰጥ፣ ሁለት ሕፃናትና አንዲት ላም ይዘው ወደ እኛ ሰፈር መጡ። ሰቦቃ ድንጋይ ፈለጣ ገብቶ ነበር፤ ሳል ያዘውና ብዙም ሳይቆይ ሞተ። ላሟ ለተዝካሩ ታረደች። ከዚያ በኋላ እትዬ ዲንቄ ገመዷን ትከሻዋ ላይ ጣል አድርጋ እንጦጦ ወጣች፤ ልጆቿን ያሳደገችው የባሕር ዛፍ ጭራሮ እየተሸከመችና እየሸጠች ነው። እኔ ተማሪ ሳለሁ ቁልቁለቱ ላይ እንገናኝ ነበር። ከሸክሙ ሥር የሚታየኝ እግሯ ብቻ ነው፤ ድምፅዋ ግን ከውስጥ ይመጣል።

«ተማሪዋ፣ ዛሬ ምን አስተማሩሽ?» ትለኛለች።

የተማርኩትን ስነግራት፣ «እሱንስ ሳይነግሩኝም ጠርጥሬው ነበር» ትላለች። ስትስቅ ሸክሙም አብሯት ይነቃነቃል።

ካገባሁ በኋላ ልጄን ስወልድ፣ ለአራስ ቤቴ የሚሆን እንጨት አምጥታ በራፌ ላይ ያራገፈችልኝ እሷ ናት። «ኢንታላ ኮ» ነው የምትለኝ፤ በኦሮምኛ ልጄ ማለቷ ነው።

የጀምበር ማኅበርን ለማያውቅ ሰው ደግሞ ላስረዳ። እንጦጦ ጫፍ ላይ፣ ከጽዶቹ መካከል፣ ጠፍር ቤት የሚባል የድንጋይ ግቢ አለ። በግቢው ውስጥ የቀኑ ሰዓት ሁሉ በየራሱ ጠፍር በየራሱ ችካል ላይ ታስሯል። ማኅበርተኞቹ ጠፍሩን ሲለቁት ሰዓቱ ይሄዳል፤ ሲስቡት ይቆማል፤ ችካል ሲቀይሩበት ከአንዱ ሰፈር ወደ ሌላው ይዛወራል፤ ይህ ግን የሚሆነው ሰዓቱ ሊደርስ ሲል ብቻ ነው፣ ሲነጋ ወደ ችካሉ ይመለሳል። ሥራው ራሱ የሚነቀፍ አልነበረም። እናቴ ስትነግረኝ፣ በድሮ ጊዜ ዝናብ ያስፈራው አጫጅ ሲለምናቸው ቀኑን ያረዝሙለት፣ ሐዘን የገባበት ቤት ላይ ደግሞ ሌሊቱን ያሳጥሩለት ነበር። ይህን ሲያደርጉ ከማንም ቀምተው አልነበረም፤ ከራሳቸው ቀን ቆርሰው ነው እንጂ።

ግራዝማች ሠረቀብርሃን የማኅበሩ አለቃ ከሆኑ ወዲህ ግን ነገሩ ተለወጠ። መጀመሪያ አንድ ደንብ አወጡ፤ የአሥራ አንድ ሰዓትን ጠፍር ከአለቃው እጅ በቀር ማንም እንዳይነካው። ሌላ ማኅበርተኛ ለዘመዱ እንዳይሰጠው ነው አሉ። ቀጥለው በየቀኑ አሥር ሰዓት ሊሞላ ሲል በበቅሎ ወደ ጠፍር ቤት እየወጡ፣ የእኛን አሥራ አንድ ሰዓት ከኮረብታው ችካል ፈትተው ከወንዙ ማዶ ባሉት በትልልቆቹ ግቢዎች ችካል ላይ ያስሩት ጀመር።

አሥራ አንድ ሰዓት ማለት እንጨት ለቃሚዎቹ ከእንጦጦ የሚወርዱበት ሰዓት ነው። ጠዋት እንጨቱ ጤዛ የጠጣ ነው፤ ከሰዓት በኋላ ይለቀማል፣ ይታሰራል፣ ከዚያ ቁልቁለቱ ይጀመራል። ሰዓቱ ከተወሰደ በኋላ ሴቶቹ ቁልቁለቱ መሐል ላይ ዓይናቸው እንደታሰረ ሰው ይሆኑ ጀመር። አስያ የምትባለው የእትዬ ዲንቄ ጓደኛ ከነሸክሟ ገደል ገብታ ዳሌዋ ተሰበረ። ወጌሻ አሽቷት ተነሥታለች፤ እንጨት ግን ዳግመኛ አልተሸከመችም።

ሴቶቹ ተሰብስበው ወደ ግራዝማች ደጅ ሲሄዱ እኔንም ወሰዱኝ። ልጄን አዝዬ አብሬ ቆምኩ። ግራዝማች ከበረንዳቸው ሳይወርዱ አነጋገሩን።

«ለመሆኑ በአሥራ አንድ ሰዓት ምን ትሠሩበታላችሁ?» አሉ።

«ከተራራው እንወርድበታለን» አለች እትዬ ዲንቄ።

«መውረድ ደግሞ ሥራ ነው?»

«ሸክም ይዘው ወርደው ያውቃሉ ጌታዬ?»

«እግር ያለው በጨለማም ይሄዳል። ሰዓት የሚገባው ለሚጠቀምበት ሰው ነው። እናንተ በውስጡ ታልፋላችሁ እንጂ ምን ታደርጉበታላችሁ? በሉ ሂዱ፣ ይመሽባችኋል።»

ይመሽባችኋል አሉን። እንዲመሽብን ያደረጉት እሳቸው ራሳቸው ናቸው። ከዚያ ደጅ ስንመለስ ንዴቱ ጡቴ ድረስ ወርዶ ልጄ ወተት ያጣች መሰለኝ።

እኔ ሹራብ እየሠራሁ እሸጣለሁ። ከጥቂት ጊዜ በኋላ ከወንዙ ማዶ ካሉት ግቢዎች በአንደኛው የምትኖር እመቤት ያዘዘችኝን የልጅ ሹራብ ላደርስ ሄድኩ። አሥራ አንድ ሰዓት እዚያ ግቢ ውስጥ በሰላም ተጀምሮ አለቀ። ይመሻል ብዬ ልሮጥ ስነሣ፣ ጀምበር ወደ ኋላ ሸርተት አለችና አሥራ አንድ ሰዓት እንደገና ተጀመረ። የእኛው ነው። ለየሁት፤ የባሕር ዛፍ ሽታ ነበረው። ልጆቹ ኳሱን ትተው ሣሩ ላይ ተዘርግተዋል። እመቤቲቱ ሹራቡን አገላብጣ አየችና አዛጋች።

«ይኼ ቀን ደግሞ አልመሽ ብሎ አሰለቸኝ። ምን ይሠራበታል?» አለችኝ።

ልጄን አዝዬ ወጣሁ። ወንዙን ስሻገር ከብርሃኑ ወጥቼ፣ ጋቢ እንደ ተከናነበ ሰው፣ ጨለማችን ውስጥ ገባሁ። ዞር ስል ማዶው አሁንም ወርቅ መስሎ ይታየኛል።

በቀጥታ ወደ እትዬ ዲንቄ ቤት ሄጄ ያየሁትን ነገርኳት። ጉልበቷን በቅቤ እያሸች ታዳምጠኛለች።

«አዛጋች?» አለችኝ።

«አዛጋች።»

«አፏን በእጇ ሸፈነች?»

«አልሸፈነችም።»

እትዬ ዲንቄ የቅቤውን ቅል ከደነችና፣ «ነገ ግራዝማችን እይዘዋለሁ» አለች።

በማግስቱ ግራዝማች በቅሏቸውን እያሰገሩ ወደ ጠፍር ቤት ሲወጡ፣ እትዬ ዲንቄ መንገዱ መሐል ቆማ ጠበቀቻቸው። እኔና ሌሎች ሴቶች ከኋላዋ ነበርን።

«በሕግ አምላክ» አለች።

በሕግ አምላክ የተባለ ሰው አንድ እርምጃ አይራመድም። ግራዝማች ደግሞ ሕግ አዋቂ ነኝ ባይ ናቸው፤ በቅሏቸውን ገትተው ወረዱ።

«ምን በደልኩሽ?»

«አሥራ አንድ ሰዓቴን።»

«ዳኛ የት አለሽ?»

በአባቶቻችን ልማድ፣ መንገድ ላይ የተያዙ ሁለት ባለጉዳዮች ዳኛ የሚያደርጉት መጀመሪያ የሚያልፈውን ሰው ነው። ወዲያው አንድ ሰው በግ እየጎተተ ብቅ አለ። ከበበ ይባላል፤ ከካራ በጉን ሊሸጥ የመጣ ነው። ጉዳዩ ሲነገረው በጉን አየ፣ መንገዱን አየ፣ መሸሻ እንደሌለው ገባው።

«እኔ እኮ በግ ልሸጥ ነው የመጣሁት» አለ።

«ዳኛ ሁን ተብለሃል፣ አትሁን አልተባልክም» አሉት ግራዝማች። «ይልቅ ቶሎ በል፣ ሥራ አለብኝ።»

«እሺ ጌታዬ። ግን ይህ የማኅበር ጉዳይ ነው፤ ማኅበሩ ሳይሰማው እኔ ብቻዬን እንዴት እፈርዳለሁ? ማኅበሩ የሚቀመጠው ደግሞ ለሚካኤል ነው። እስከዚያው ባለጉዳዮቹ ምን ይሆናሉ?»

ግራዝማችን የከበበ አለማወቅ አስገረማቸው። በጣታቸው እየጠቆሙ፣ ተማሪ እንደሚያስጠና መምህር ነገሩት። «ከሳሽና ተከሳሽ የልብሳቸው ጫፍ ተቋጥሮ ይቆያሉ። ሲመሽ ዳኛው ይፈታቸዋል፣ ሲነጋ መልሶ ይቋጥራቸዋል። ተከሳሹ ቋጠሮውን ቢቆርጥ ወይም ቢፈታ ተረታ። ከሳሽ ግን በፈቃዷ ይቅርብኝ ካለች ይፈታል። የጥንት ሕግ ነው፤ በእኛ ማኅበር አልተሻረም።»

«እንግዲያው ልብስዎን ያቀብሉኝ» አለ ከበበ።

ግራዝማች ሳቁ። «ሎሌዬን ቋጥረው። ትልቅ ሰው በሎሌው ነው የሚቋጠረው።»

«ሰዓቱን የወሰደው ሎሌዎ ነው?»

«አይደለም።»

«ታዲያ ሎሌው ምን አደረገኝ ብዬ ልሰረው?» አለና ከበበ የግራዝማችን ኩታ ጫፍ ከእትዬ ዲንቄ ነጠላ ጫፍ ጋር፣ በግ አሥሮ በሚያሳድርበት ቋጠሮ፣ ጥብቅ አድርጎ አሰረው።

ግራዝማች ይህን እንደ ትንሽ ውርደት ነበር የቆጠሩት። «በይ ተከተይኝ» ብለው ወደ ጠፍር ቤት ወጡ። እኛም ከኋላ ተከተልን። በሩ ላይ ወልደ ኢየሱስ የሚባሉ ሽማግሌ ዘብ ቆመዋል። ለግራዝማች እጅ ነሡና በትራቸውን በሩ ላይ አጋደሙት።

«ምን ሆነሃል? ክፈት እንጂ» አሉ ግራዝማች።

«ባዕድ አይገባም ጌታዬ።»

«እኔ ባዕድ ነኝ?»

«እርስዎ አይደሉም። እሷ ናት።»

«እንግዲያው አንተ ግባና የአሥራ አንድን ጠፍር አዛውር።»

«ከአለቃው እጅ በቀር አይነካም ያሉት እርስዎ ነዎት ጌታዬ። እጄ ይቆረጣል።»

ግራዝማች ያን ጊዜ ነው የገባቸው። በሩን አዩ፣ ቋጠሮውን አዩ፣ ሰማዩን አዩ። አሥር ሰዓት ሞላ። ጨለማ አልመጣም። ብርሃኑ እንደ ማር እየወፈረ፣ በባሕር ዛፎቹ ግንድ ላይ እየተንጠባጠበ መጣ፤ እግራችን ሥር የእያንዳንዱ ጠጠር ጥላ ረዝሞ ተኛ። አሥራ አንድ ሰዓት ነው። ከሴቶቹ መሐል አንዷ አለቀሰች። እትዬ ዲንቄ ግን ጊዜ አላጠፋችም፤ «በል ና፣ እንጨቴን ከላይ ትቼ ነው የመጣሁት» ብላ ኩታውን ሳብ አደረገች።

«አንተ ትይኛለሽ?» አሉ ግራዝማች።

«ልብስህ ከልብሴ ተቋጥሮ እርስዎ ማለት እንዴት ይሆንልኛል?»

ከዚያ ቀን ጀምሮ ኑሯቸው ይህ ሆነ። ሲነጋ ከበበ ይቋጥራቸዋል፤ ሲመሽ ይፈታቸዋል፤ ሁለቱም እመለሳለሁ ብለው ይምላሉ። ምስኪን ከበበ ዳኝነቱ እስኪያልቅ ወደ ካራ መመለስ ስላልቻለ እኛ ቤት አደረ። ባለቤቴ አባይነህ ለበጉ አጥር ሥር መጠለያ ሠራለት። በጉ ዕለት ዕለት እየሰባ ሄደ፤ ከበበ ግን ከሰቀቀን ብዛት ከሳ።

ግራዝማች ጫካው ውስጥ ቀጥ ብለው ለመቆም ነበር የሞከሩት። ግን እሷ ጎንበስ ስትል ኩታው ይስባቸዋል፣ እሳቸውም ይጎነበሳሉ። እሷ ጭራሮ ስትሰበስብ እሳቸውም ሳይወዱ እንደ ሰጋጅ ቀና ደፋ ይላሉ። እንጨቱን ስትሸጥም አጠገቧ ናቸው፤ ግራዝማች ቆመው እያዩ የሚከራከራት ገዢ ጠፋ።

«ዕድሜህ ይርዘም፣ ገበያዬን አሟሟቅከው» ትላቸዋለች።

ፊታቸውን ወደ ማዶ ያዞራሉ።

አንድ ቀን ቁልቁለቱን ሲወርዱ እኔ ውኃ ቀድቼ ከኋላቸው ነበርኩ። ግራዝማች ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው፣ «ስሚኝ» አሏት። «ይቅርብኝ በይና ቋጠሮው ይፈታ። ለአንቺ ቤት ብቻ አሥራ አንድ ሰዓትን እተውልሻለሁ። ማንም አያውቅም። በደጃፍሽ፣ በመንገድሽ፣ አንቺ በሄድሽበት ሁሉ ብርሃን ይሁንልሽ።»

እትዬ ዲንቄ ቆመች። እውነቱን ልናገር፣ እሺ የምትል መስሎኝ ነበር። ለደከመ ጉልበት ቀላል ነገር አይደለም።

«ለእኔ ብቻ?»

«ለአንቺ ብቻ።»

«እኔ በብርሃን ስወርድ ጓደኞቼ ከጎኔ በጨለማ ሲንከባለሉ ልያቸው? አስያ ስትወድቅ አላየኋትም፣ ድምፅዋን ነው የሰማሁት። አሁን ደግሞ ደህና አድርገህ ልታሳየኝ ነው?» ብላ ሸክሟን ከትከሻዋ አመቻቸች። «ና ውረድ። እዚህ ጋ ያንሸራትታል፣ እግርህን በጎን አድርገህ ርገጥ።»

ሚካኤል ደረሰ። ማኅበሩ በቤተ ክርስቲያኑ አጠገብ ከጽዱ ሥር ተቀመጠ። ማኅበርተኞቹ ሁሉ የግራዝማች ወገን ናቸው፤ ሊፈርዱባቸው አልፈለጉም፣ ሴቶቹ ሁሉ ቆመው እያዩ ደግሞ ለእሳቸው መፍረድ አፈሩ። ስለዚህ ትልልቅ ሰዎች ድሀን ማድከም ሲፈልጉ ሁልጊዜ የሚያደርጉትን አደረጉ።

«ጉዳዩ ይጠናል። ለሚቀጥለው ሚካኤል ተቀጥሯል» አሉ።

እናቴ በመሬት ክርክር ስትመላለስ ያለቀችው በዚህ ቃል ነው። ስንቱ ባለጉዳይ በቀጠሮ ብዛት ጉልበቱ ዛለ፣ ስንቱ እግዜር ይፍረደኝ ብሎ ትቶት ገባ። ደሜ ፈላ፤ ልጮህ ነበር። እትዬ ዲንቄ ግን መሬት ድረስ ጎንበስ ብላ እጅ ነሣች።

«እግዜር ያክብርልኝ። በደንብ አጥኑት፣ አትቸኩሉ» አለች።

ያኔ ለእኔም ገባኝ። ቀጠሮ እስካለ ቋጠሮ አለ፤ ቋጠሮ እስካለ አሥራ አንድ ሰዓት የእኛ ነው። በሚቀጥለው ሚካኤልም አሁንም ገና አልተጠናም ተባለ፤ እሷም አሁንም አመሰገነች። ግራዝማች ግን ከተቀመጡበት ተነሡ። ጫማቸው አልቋል፤ ኩታቸው የባሕር ዛፍ ሙጫ ይዞታል። ከማዶ ያሉት ሰዎች ሰዓታችን የት ገባ እያሉ በየቀኑ ይልኩባቸዋል።

«ፍረዱ» አሏቸው ማኅበርተኞቹን። «ለእኔም ይሁን ለእሷ፣ ፍረዱ። እናንተ በቀጠሮ የምታደክሙት እሷን መሰላችሁ? እኔን እኮ ነው የገደላችሁኝ።»

ማኅበርተኞቹ እርስ በርስ ተያዩ። አንደኛው ጉሮሮውን ጠርጎ፣ «ጉዳዩ ከባድ ስለሆነ...» ሲል ግራዝማች በእጃቸው ዝም አሰኙት። ወደ እትዬ ዲንቄ ዞረው በጆሮዋ፣ «አሥራ አንድ ሰዓት የኮረብታው ነው። በይ ይፈታ» አሏት።

«አልሰማሁም።»

«ሰምተሻል።»

«እኔ ሰምቼ ይሆናል። እነሱ አልሰሙም» ብላ ሴቶቹን አሳየቻቸው።

ግራዝማች ጮክ ብለው፣ «አሥራ አንድ ሰዓት የኮረብታው ነው፤ ከችካሉ አላነሣውም፣ ከእኔ በኋላ የሚሾምም አያነሣውም» ብለው በሚካኤል ማሉ። ከበበ ቋጠሮውን ፈታው። በዚያው ቀን በጉን እየነዳ ወደ ካራ ሄደ፤ በመንገድ ላይ ሰው ሲጠራው ዞር ብሎ እንዳላየ ወሬው ደርሶናል።

ነገሩ በዚህ ያበቃ መስሎኝ ነበር። በሚቀጥለው እሑድ፣ ከቅዳሴ በኋላ ምእመኑ ሳይበተን፣ ማኅበሩ የላከው ሰው ደጀ ሰላሙ ላይ ቆሞ መናገር ጀመረ።

«የጀምበር ማኅበር ከደግነቱ የተነሣ፣ ለኮረብታው ድሆች አሥራ አንድ ሰዓትን በችሮታ ሰጥቷል።»

ይኼውላችሁ። የሰው ቀን ይወስዳሉ፣ የሰው ዳሌ ያስሰብራሉ፣ በግድ ሲመልሱ ደግሞ ተመስገኑ እንዲባሉ ይፈልጋሉ። ለወሰዱት ጊዜ ሁሉ ይቅርታ ያለ አንድ ሰው አልነበረም። ከፊቴ የቆሙት አንዳንድ ሰዎች ደግሞ ለምስጋና ራሳቸውን ዝቅ ማድረግ ጀምረው ነበር።

«አንተ ልጅ» አለች እትዬ ዲንቄ ከሴቶች በኩል። «አልተሰጠንም። ተወስዶብን ነበር፣ ተመለሰ። እንደዚያ ብለህ ተናገር።»

ሰውየው የላኩትን ማኅበርተኞች በዓይኑ ፈለገ። ማንም ዓይኑን አልሰጠውም።

«የጀምበር ማኅበር...» ብሎ ጀመረና ቆመ።

«ወስዶ ነበር በል።»

«ወስዶ ነበር» አለ።

«መለሰ።»

«መለሰ» አለ ሰውየው፣ በቀጭን ድምፅ።

«ወዲያ ጥግ ያሉት አልሰሙህም» አለችው።

እንደገና ጮክ ብሎ ተናገረው። ራሳቸውን ዝቅ ማድረግ የጀመሩት ሰዎች ቀስ ብለው ቀና አሉ።